የኢትዮጵያ ሠራተኞች አንድነት ማኅበር እንዴት ቆመ? እንዴትስ ፈረሰ?



«ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ» የሚለውን የአባቶቻችንን ምሳሌ የማያውቅ የለም። በ1954 ዓ.ም. መጨረሻ የወጣው የሠራተኛ ጉዳይ ድንጋጌ ቁጥር 49ም ይህንኑ ቁጥር የመረጠ ይመስላል፤ ከ50 የማያንሱ ሠራተኞች ባሉበት ድርጅት ማኅበር ማቋቋም እንዲቻል ፈቅዷልና። በዛሬው ንግግራችን ከዚህ ሕግ ስለ ተወለደው፣ ዛሬ ግን ስለሌለው ስለ ኢትዮጵያ ሠራተኞች አንድነት ማኅበር እንገልጻለን።

ስለ ማኅበር መብት የተጻፈው ቃል ከድንጋጌው ይቀድማል። በ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 47 ማንም ኢትዮጵያዊ ለሥራው ሲል በሕግ መሠረት ማኅበር ለማቋቋም እንዲችል ገልጾ ነበር። ዳሩ ግን አፈጻጸሙን የሚወስን ሕግ ለብዙ ጊዜ ስላልወጣ፣ ሠራተኛው በእድርና በመረዳጃ ማኅበር ስም ይሰባሰብ ነበር። እድር ለኀዘንና ለችግር ቀን ይበጃል፤ ስለ ደመወዝና ስለ ሥራ ሰዓት ከአሠሪ ጋር ተደራድሮ የኅብረት ስምምነት ለመፈራረም ግን ሥልጣን የለውም። አዲሱ ሕግ ይህን ሥልጣን ሰጠ፤ ክርክር ሲነሣም የሚዳኝ ቦርድ አቆመ። ይኸው ድንጋጌ በ1956 ዓ.ም. አዋጅ ቁጥር 210 ሆኖ ጸና።

በ1955 ዓ.ም. በየፋብሪካው የተቋቋሙት ማኅበራት ተባብረው አንድነት ማኅበሩን መሠረቱ። የመጀመሪያው ፕሬዚዳንት አቶ አብርሃም መኰንን ሲሆኑ፣ ከእርሳቸው በኋላ አቶ በየነ ሰሎሞን ለብዙ ዓመታት መርተውታል። ማኅበሩ ግን ሁለት ድካም ነበረበት። አንደኛው፣ የአባላቱ መዋጮ ስለማይበቃው ከውጭ አገር የሠራተኛ ድርጅቶች እርዳታ ይቀበል ነበር። በሰው ገንዘብ የሚተዳደር ቤት ደግሞ ከሐሜት አይድንም። ሁለተኛው፣ አድማ ለማድረግ ሕጉ ያኖረው ሥርዓት እጅግ ጠባብ ስለ ነበረ፣ መሪዎቹ ከአሠሪውና ከመንግሥት ጋር በትዕግሥት መነጋገርን መረጡ፤ ከአባላቱም «ፈሪዎች» የሚል ወቀሳ ደረሰባቸው።

እዚህ ላይ እናንተን፣ በመንግሥት መሥሪያ ቤት የምታገለግሉትን፣ የሚመለከት ነገር አለ። ሕጉ የመንግሥት ሠራተኛንና የቤት ሠራተኛን ከማኅበር መብት ውጭ አድርጎ ነበር። ስለዚህ የፋብሪካው ሠራተኛ በማኅበሩ በኩል ሲናገር፣ ጸሐፊውና መዝገብ ያዡ የሚናገርለት አልነበረውም።

የኑሮ ውድነት በበረታበት በ1966 ዓ.ም. ግን ትዕግሥቱ አለቀ። ማኅበሩ 16 ጥያቄዎችን ለመንግሥት አቅርቦ፣ ከየካቲት 28 ቀን ጀምሮ በአገራችን ታሪክ የመጀመሪያ የሆነውን ጠቅላላ የሥራ ማቆም አድማ አደረገ። ከጥያቄዎቹ መካከል ዝቅተኛ የደመወዝ ወለል እንዲወሰን፣ የጡረታ መብት እንዲሰጥና የሠራተኛው ሕግ እንዲሻሻል የሚሉት ይገኙበታል። አድማው አራት ቀን ቆይቶ፣ መንግሥት ጥያቄዎቹን ለመቀበል ሲስማማ መጋቢት 2 ቀን ቆመ። ወዲያው የመንግሥት ሠራተኞችም በየመሥሪያ ቤታቸው ጥያቄ ማንሣት ጀመሩ።

በመስከረም 1967 ዓ.ም. ደርግ ሥልጣን ሲይዝ፣ ማኅበሩ ሥልጣኑ ለሕዝብ መንግሥት እንዲተላለፍ ጠየቀ። አቶ በየነ ሰሎሞን፣ አቶ ፍሥሐ ጽዮን ተኪኤና አቶ ግደይ ገብሬ ወዲያው ታሰሩ። በመስከረም 1968 ዓ.ም. የማኅበሩን ጽሑፍ ሲያድሉ በተገኙ የአየር መንገድ ሠራተኞች ላይ ወታደሮች ተኩሰው የሰው ሕይወት ጠፋ፤ በዚያው ወር የአስቸኳይ ጊዜ ሁኔታ ታወጀ። በዓመቱ ውስጥ አዋጅ ቁጥር 64 ወጥቶ አሮጌው ማኅበር ፈረሰ፤ በ1969 ዓ.ም. በምትኩ የመላው ኢትዮጵያ ሠራተኞች ማኅበር በመንግሥት ቁጥጥር ሥር ተቋቋመ።

ዛሬ የሠራተኛውን ማኅበራት ያስተባበረው ኮንፌዴሬሽን ሌላ ነው፤ የመንግሥት ሠራተኛ ግን ዛሬም ከአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ውጭ ነው።

እንግዲህ ከዚህ ታሪክ የምናገኘው ትምህርት ይህ ነው፤ ማኅበር በሕግ ይፈቀዳል፣ በሕግም ይፈርሳል። በመካከሉ ዕድሜ የሚሰጠው የአባላቱ መዋጮና ቃል ነው። ሃምሳው ሎሚ ጌጥ የሚሆነው እያንዳንዱ ሰው የራሱን አንዲት ሎሚ ሲይዝ ብቻ ነውና።