መጽሐፉ በማን እጅ ነበር? የመካከለኛው ዘመን የዜማ መጻሕፍትና ስያሜያቸው

የቤተ ክርስቲያን ታሪክ ስታነቡ «ግራዱዋል»፣ «አንቲፎናሪ»፣ «ሚሳል» የሚሉ ስሞች ያጋጥሟችኋል። ብዙዎቻችን «የጸሎት መጻሕፍት ናቸው» ብለን እናልፋቸዋለን። ሁለት ጥያቄዎች ግን ስሞቹን ይፈቷቸዋል፤ መጽሐፉ ለየትኛው አገልግሎት ነው? የሚይዘውስ ማን ነው?

በምዕራቡ የላቲን ቤተ ክርስቲያን አምልኮው ሁለት ዐበይት ክፍሎች ነበሩት፤ እነርሱም ቅዳሴና የሰዓታት ጸሎት ናቸው። ግራዱዋል መዘምራን በቅዳሴ የሚያዜሙትን ይይዛል። ስሙ «ደረጃ» ከሚለው የላቲን ቃል የመጣ ነው፤ በንባባት መካከል ከማንበቢያው ደረጃ ላይ ይዜም ከነበረው ክፍል ጋር ይያያዛል። አንቲፎናሪ የሰዓታቱን ዜማ ይይዛል፤ አንቲፎን ከመዝሙረ ዳዊት በፊትና በኋላ የሚዜም አጭር ዜማ ነው። ነገር ግን ተጠንቀቁ፦ በጥንቶቹ ጽሑፎች የቅዳሴው የዜማ መጽሐፍም «አንቲፎናሪ» ሊባል ይችላል። የውጭ ምሁራን የአገራችንን ድጓም በዚሁ ስም ይጠሩታል፤ ይህ ግን ለማነጻጸር ያህል ነው።

ከ9ኛው ክፍለ ዘመን ጀምሮ ከቃላቱ በላይ የዜማ ምልክቶች ይጻፉ ነበር። እነዚህ ግን ዜማውን ለሚያውቅ ማስታወሻ እንጂ ለማያውቅ መማሪያ አልነበሩም። በ11ኛው ክፍለ ዘመን የአሬዞው ጊዶ ምልክቶቹን በመስመሮች ላይ የማስፈር ዘዴን ካደላደለ በኋላ፣ ያልሰሙትን ዜማ ከመጽሐፍ ማንበብ ተቻለ።

እስከዚያ ዘመን ድረስ ካህኑ፣ አንባቢውና መዘምራኑ በብዛት የየራሳቸው መጽሐፍ ነበራቸው። የአንዱ መጽሐፍ ብቻውን ቅዳሴውን አይሞላም ነበር። በ13ኛው ክፍለ ዘመን ግን ሁሉንም በአንድ የሚጠርዘው ሚሳል ተስፋፋ። ካህኑ የመዘምራኑን ድርሻ እንኳ ራሱ በለሆሳስ ይደግም ጀመር፤ አንድ ሰው ብቻውን አገልግሎቱን ሊፈጽም ቻለ። ሚሳል ይህን ልማድ አልፈጠረውም፤ አመቻቸው እንጂ።

እ.ኤ.አ. በ1524 የመጀመሪያዎቹ የሉተራውያን መዝሙር መጻሕፍት በሕዝቡ ቋንቋ መታተማቸውን በዚህ ዓይን ተመልከቱት። ለውጡ የዜማ ብቻ አልነበረም፤ የጉባኤው ድርሻ ጉዳይም ነበር። ቆላስይስ 3፥16 የተጻፈውም ለመላው ጉባኤ ነው።

እናንተስ? ዛሬ የመዝሙሩ ግጥም በስክሪን ላይ ለሁሉም ይታያል። ዜማው ግን መድረክ ላይ ያሉት ብቻ የሚችሉት ከሆነ፣ መጽሐፉ ተመልሶ በጥቂቶች እጅ ገብቷል። በሚመጣው እሑድ ከመድረኩ ይልቅ ወንበሮቹን አድምጡ።