ለፊልማቸው አዳራሽ የተከራዩት ፕሮፌሰር

ከእንጅባራ ተነሥቶ በዳንግላና በባሕር ዳር አድርጎ ጎንደር የሚያደርሰውን መንገድ ብዙዎቻችሁ ታውቁታላችሁ። እዚያው ጎንደር እ.ኤ.አ. በ1946 የተወለዱትን የፊልም ሰው ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማንስ? ስማቸውን የሰማ ብዙ ነው፤ ፊልማቸውን ያየ ግን ጥቂት ነው።

አባታቸው ቴአትር ጽፈው የሚያሳዩ ሰው ነበሩ። ልጁም በ1967 ወደ አሜሪካ ሄደው መጀመሪያ በቺካጎ ቴአትር፣ በኋላም በሎስ አንጀለስ ፊልም ተማሩ። ከ1975 ጀምሮም በዋሽንግተን በሚገኘው ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለብዙ ዓመታት አስተምረዋል። በ1976 የወጣው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» የተባለው ፊልማቸው በባለመሬት ሥር የሚማቅቅ የገበሬ ቤተሰብን ኑሮ በጥቁርና ነጭ ያሳያል።

ዋናው ፈተና የመጣው ግን በ1993 ነው። «ሳንኮፋ» ስለ ባሪያ ንግድ የሚናገር ፊልም ነው፤ ቃሉም በጋና አካን ሕዝብ ቋንቋ «ተመልሰህ አምጣ» እንደ ማለት ነው። የአሜሪካ አከፋፋዮች ፊልሙን አንቀበልም አሉ። እርሳቸውና ባለቤታቸው ሺሪኪያና አይና በዋሽንግተን ሲኒማ ቤት ተከራይተው ራሳቸው አሳዩት፤ ሕዝቡም ለሳምንታት ጎረፈ። ከዚያም ከከተማ ከተማ ይዘውት ዞሩ። በእንጅባራና በዳንግላ በሞባይል አጫጭር ፊልም የምትሠሩ ወጣቶች፣ ይህችን ልብ በሉ።

እውነቱን ለመናገር «ሳንኮፋ» አማኝን ያማል። በፊልሙ ውስጥ ቄሱ ከባሪያ ጌቶች ጋር ቆሞ ይታያል፤ አንዱን ወጣት የገዛ እናቱን እንዲጠላ የሚያደርገውም የዚሁ ቄስ ትምህርት ነው። «ሃይማኖታችንን ሰደበ» ብለን ለመቆጣት እንቸኩል ይሆናል። ነገር ግን ፊልሙ የሚጀምርበት የጋናው ኬፕ ኮስት ምሽግ ዛሬም አለ፤ በዚያም የጸሎት ቤቱ የተሠራው ባሮች ከታጎሩበት ጉድጓድ በላይ ነበር። ይህን ደራሲው አልፈጠሩትም። ስለዚህ እኔ አትዩት አልልም።

ቀጣዩን «ጤዛ»ን ለመሥራት ገንዘብ ማሰባሰቡ ብቻ ከአሥር ዓመት በላይ ፈጀ። ከጀርመን ወደ መንደሩ የተመለሰ ሐኪም፣ የደርግ ወታደር እንዳይወስዳቸው በዋሻ የተደበቁ ልጆች፣ ልጇን የምትጠብቅ እናት አሉበት። ሙዚቃውን ጆርጋ መስፍንና ቪጃይ አየር ደርሰውታል። ፊልሙ በ2008 በቬኒስ ልዩ የዳኞች ሽልማትንና የምርጥ ድርሰት ሽልማትን፣ በ2009 ደግሞ በዋጋዱጉ ትልቁን ሽልማት አገኘ።

አከፋፋዮች የገፉት «ሳንኮፋ»ስ? በ2021 ታድሶ በኔትፍሊክስ ታየ፤ ከ28 ዓመት በኋላ።