የፍርድ ቤት ትእዛዝ ሲደርሰን

አባቶቻችን «በሕግ አምላክ ሲሉት እንኳን ሰው ወራጅ ውሃም ይቆማል» ይሉ ነበር። የፍርድ ቤት ትእዛዝም እንዲሁ ነው።

ሁለት ገበሬዎች በአንድ ማሳ ተካሰሱ እንበል። ዳኛው «ነገሩ እስኪለይ ማንም እንዳያርስ» ብለው አገዱ። አንደኛው ግን «ዝናቡ ሊያልፍብኝ ነው» ብሎ በሬውን ጠምዶ አረሰ። ባላጋራውም ሄዶ አመለከተ። አሁን የሚጠየቀው «መሬቱ የማን ነው?» ተብሎ አይደለም። «ትእዛዙ ተከብሯል ወይ?» ተብሎ ነው። አንድ ጉዳይ የነበረው ሰው በገዛ እጁ ሁለት ጉዳይ አደረገው ማለት ነው።

እስቲ በደቡብ አፍሪካ የሆነውን እንመልከት። አቶ ጃኮብ ዙማ ከ2001 እስከ 2010 ዓ.ም. የአገሪቱ ፕሬዚዳንት ነበሩ። በእሳቸው ዘመን ተፈጸመ የተባለውን ሙስና የሚያጣራ ኮሚሽን ያቋቋሙትም ራሳቸው ነበሩ። ጥር 20 ቀን 2013 ዓ.ም. የሕገ መንግሥት ፍርድ ቤቱ ኮሚሽኑ ፊት ቀርበው እንዲመልሱ አዘዛቸው። እሳቸው ግን አልቀርብም አሉ። በዚህም ፍርድ ቤት በመድፈር ተከሰሱ።

በዚያ አገር ሰው ስለተከሰሰ ብቻ አይቀጣም። በመጀመሪያ ይጣራል። ትእዛዝ ተሰጥቷል ወይ? ተከሳሹ ትእዛዙን አውቋል ወይ? ያልፈጸመውስ ሆን ብሎ ነው ወይ? ወረቀቱ ያልደረሰው ወይም ታሞ የተኛ ሰው አውቆ እንቢ ካለው ጋር እኩል አይታይም። አቶ ዙማ ግን ትእዛዙን እያወቁ በአደባባይ እንቢ አሉ፤ ቀርበውም አልተከራከሩም። ሰኔ 22 ቀን 2013 ዓ.ም. 15 ወር እስራት ተፈረደባቸው። ሰኔ 30 ቀን ወህኒ ወረዱ። በእስራታቸው ሰበብ በተነሣው ሁከትና ዘረፋ ከ300 በላይ ሰዎች ሞቱ። እሳቸው ከሁለት ወር በኋላ በሕመም ምክንያት በአመክሮ ተለቀቁ፤ የሞቱት ግን አልተመለሱም።

ታዲያ ትእዛዙ ትክክል ባይመስለንስ? ዝም ብለን እንቀበል ማለት አይደለም። ትእዛዙን እያከበርን በሕግ መንገድ እንቃወም። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የአገራችን የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ለዚህ በር ከፍቷል። የእግድ ትእዛዝ ከሆነ፣ ያገደው ፍርድ ቤት እንዲያነሣው ማመልከት ይቻላል። የመጨረሻ ፍርድ ከሆነ ደግሞ በ60 ቀን ውስጥ ይግባኝ ይባላል። ልብ እንበል፤ ይግባኝ ማለት ብቻውን ፍርዱን አያስቆመውም። ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት «ይቆይ» ብሎ ማዘዝ አለበት።

እንግዲህ የፍርድ ቤት ወረቀት ሲደርሰን ሣጥን ውስጥ አንክተተው። ቀኑን እናንብብ። ምን አድርጉ፣ ምን አታድርጉ እንደሚል ለይተን እናውጣ። ያልገባንን መዝገብ ቤት ሄደን እንጠይቅ። መቅረት ካቃተንም ምክንያታችንን ከነማስረጃው ቀድመን እናሳውቅ። ዳኛ ሊሰማን የሚችለው ስንናገር ነው።