የአሮጌ መኪና ፊውዝና ሪሌ

ፔዦ 404 እ.ኤ.አ. በ1960 መሠራት የጀመረ ሲሆን፣ በሐረር ከተማ ለብዙ ዓመታት በታክሲነት አገልግሏል። እንዲህ ያለ ዕድሜ ጠገብ መኪና ያለው ማኅበር፣ ከባቢሌ ለውዝ ጭኖ ሲመለስ በመንገድ እንዳይቃጠልበት ፊውዝና ሪሌን ማወቅ ይገባዋል።

ፊውዝ ኃይል ከልክ ሲያልፍ ከሽቦው ቀድሞ እንዲቀልጥ የተሠራ ነው። ልኩ በአምፔር ይቆጠራል፤ አምፔር የሚገኘውም ዋትን ለቮልት በማካፈል ነው። በ12 ቮልት የሚበሩ ሁለት ባለ 45 ዋት የፊት መብራቶች 7.5 አምፔር ይስባሉ፤ በአንድ ፊውዝ የሚያልፉ ከሆነ ባለ 10 አምፔር ይበቃል። በተቃጠለ ፊውዝ ቦታ የመዳብ ሽቦ ወይም የሲጋራ ብልጭልጭ ወረቀት ከተደረገ ግን የሚቀልጠው ይቀርና የመኪናው ሽቦ ይነድዳል።

ሪሌ በኤሌክትሪክ የሚሠራ ማብሪያ ነው። ከክሩስኮቶው የሚመጣ ጥቂት ኃይል በውስጡ ያለውን ጥምጥም ማግኔት ያደርገዋል፤ ማግኔቱም ምላሱን ስቦ ከባትሪ የሚመጣውን ብዙ ኃይል ያገናኛል። በብዙ አሮጌ መኪኖች የመብራቱ ኃይል በሙሉ በማብሪያው ስለሚያልፍ ማብሪያው ይግላል፤ ሪሌ ቢገባለት ያርፋል።

ስለዚህ የሚከተለውን እንመክራለን፦

1. ሥራ ከመጀመሩ በፊት የባትሪውን ኔጌቲቭ መፍታት።
2. የፊውዙን መያዣ ዝገት በብርጭቆ ወረቀት መጥረግ።
3. የተቃጠለውን በዚያው አምፔር መተካት፤ ዳግመኛ ከተቃጠለ የተላጠ ሽቦ መፈለግ።
4. ባትሪው ከተመለሰ በኋላ ሪሌው «ቀጭ» ብሎ መብራቱ ካልበራ፣ ፊውዙን፣ አምፖሉንና የሪሌውን እግሮች መመርመር።

መለዋወጫ ፊውዝ ከመኪናው አይለይ።