በጠርሙስ ውስጥ ስለሚበስል የኮክ ኅብስት

ጓደኞቼ በዚህ መጽሔታችን ላይ ስለ ታላላቅ ነገሮች ሲጽፉ፥ እኔ ስለ አንዲት ትንሽ ጠርሙስ ለመጻፍ ተነሣሁ። ምክንያቱንም ከዚህ በታች እገልጻለሁ።

እናቴ በአቃቂ ገበያ ፍራፍሬ ትሸጣለች። ክረምት የኮክ ወራት ነው። ኮክ ግን እንደ ብርቱካን ቀን የሚታገሥ ፍሬ አይደለም፤ ጧት ያማረው ማታ ይለሰልሳል፥ ብዙም ሳይቆይ ይበሰብሳል። ባለፈው ነሐሴ ዝናቡ ገዢውን ባስቀረ ቀን ሁሉ እናቴ የቅርጫቷን ግማሽ ይዛ ትመለስ ነበር። የሚጣለው ፍሬ የእኔና የታናናሾቼ የደብተር መግዣ መሆኑን ሁላችንም እናውቃለን።

በባሕር ማዶ ፍራፍሬን በሊጥ ሸፍነው የሚጋግሩት «ፓይ» የሚባል ምግብ አለ። ለአንድ ሰው በሚበቃ መጠን በትንንሽ ጠርሙስ የሚያዘጋጁትም አሉ። እኛ ቤት የዳቦ ምድጃ የለም፤ ነገር ግን ኅብስት በእንፋሎት ይበስል የለምን? ይህን አስቤ ባዶ የማርማላታ ጠርሙሶች ሰበሰብሁ።

«የቸኮለች አፍስሳ ለቀመች» እንዲሉ፥ የፈላውን ኮክ በቀዝቃዛ ውኃ ካጠብሁት ጠርሙስ ውስጥ ገለበጥሁት። ወዲያው ተሰነጠቀ። ጠርሙሱ ቀድሞውንም የተጎዳ መስሎኝ ሁለተኛውንና ሦስተኛውን ጨመርሁ፤ እነርሱም ተሰበሩ። ስባሪ የነካውን ፍሬ ሁሉ ጣልነው። እናቴ ግን «ልጄ፥ እጅሽን አልቆረጠሽም?» ከማለት በቀር አንዳች አልተናገረችም። ይህም ከቁጣ ይልቅ አሳፈረኝ።

ነገሩን ለፊዚክስ መምህራችን ባጫውታቸው እንዲህ ሲሉ አስረዱኝ፦ መስታወት ሙቀትን ቶሎ አያስተላልፍም፤ ስለዚህ የውስጡ ገጽ ሞቆ ሲሰፋ የውጭው ገና እንደ ቀዘቀዘ ይቀራል፥ በዚህም መሳሳብ ይሰነጠቃል። መድኃኒቱ ጠርሙሱንና ውኃውን አብሮ ቀስ በቀስ ማሞቅ ነው።

አሠራሩም እንደሚከተለው ነው። ለ6 ትንንሽ ጠርሙሶች 1 ኪሎ ኮክ ታጥቦ፥ ተልጦ፥ ፍሬው ወጥቶ ይከተፋል። 6 የሾርባ ማንኪያ ስኳር፥ የ1 ሎሚ ጭማቂና ጥቂት ቀረፋ ይጨመርበታል። 2 ስኒ የስንዴ ዱቄት ከጥቂት እርሾ፥ ከጨውና ከ1 ማንኪያ ለጋ ቅቤ ጋር በለብታ ውኃ ታሽቶ ኩፍ እስኪል ይቆያል። ፍሬው ሳይሞቅ እስከ ጠርሙሱ ግማሽ ይሞላል፤ በላዩም የጣት ውፍረት ያለው ሊጥ ይደረጋል። ሊጡ ስለሚነፋ ከላይ ሁለት ጣት ያህል ባዶ ቦታ ይተዋል። አፉ በኮባ ቅጠል ይሸፈናል እንጂ በክዳን አይጠበቅም፤ እንፋሎቱ መውጫ ይሻልና። ከድስቱ ሥር ጨርቅ አንጥፎ ጠርሙሶቹን መደርደር፥ እስከ ወገባቸው ቀዝቃዛ ውኃ ማድረግ፥ ድስቱን ከድኖ በመጠነኛ እሳት መጣድ ነው። ከፈላ በኋላ አንድ ሰዓት ያህል ይበስላል፤ ስንጥር ሲወጋ ሊጥ ካልያዘ ደርሷል። ሲወጣም በእርጥብ ድንጋይ ላይ አይቀመጥ።

ሥራው ከሠመረልኝ በኋላ ሌላ ምኞት አደረብኝ፤ ክዳኑን አጥብቄ ለወር ላስቀምጠው አሰብሁ። ፈረንሳዊው ኒኮላ አፔር ምግብን በጠርሙስ አሽጎና ቀቅሎ የማቆየትን ዘዴ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1810 በመጽሐፍ ማሳተሙን፥ አሜሪካዊው ጆን ሜሰንም በ1858 ጥርስ ላለው ጠርሙስ የፈጠራ መብት ማግኘቱን አንብቤ ነበርና። መምህሩ ግን ከለከሉኝ። አቃቂ ከባሕር ወለል በላይ ከ2000 ሜትር ይበልጣል፤ ስለዚህ ውኃችን በ100 ሳይሆን በ93 ዲግሪ ገደማ ይፈላል። ከአፈር የሚመጣ አንድ ዓይነት ጀርም ደግሞ ዘሩ በፈላ ውኃ አይሞትም፤ አየር በሌለበት፥ እርጥበት ባለውና ኮምጣጣ ባልሆነ ምግብ ውስጥ ብርቱ መርዝ ያበጃል። የታሸገ እርጥብ ሊጥ ደግሞ ለእርሱ የተመቸ ቤት ነው። ለማቆየት የሚበጀው በስኳርና በሎሚ በሚገባ የተሠራ ማርማላታ ነው፤ ኅብስቱ ግን በዕለቱ ይበላ አሉኝ።

በማግሥቱ 12 ጠርሙስ ሠርተን 9 ሸጥን። ገዢዎቹን «ዛሬውኑ ብሉት፥ ጠርሙሱንም መልሱልን» አልናቸው። አንዲት እናት ለሳምንት ይቆይ እንደ ሆነ ጠይቀው፥ አይቆይም ስላቸው ከአራቱ ሁለቱን መለሱ። ገንዘቡ ቢቀርብንም እናቴ ደስ አላት። የተረፉትን 3 ጠርሙሶች ማታ ከታናናሾቼ ጋር በላን፤ ከቅርጫቱም በዚያ ቀን አንድ ኮክ አልተጣለም።