ክራክ የተደረገ ፕሌይስቴሽን ሲገዛ ዋጋው ያለው ካርዱ ላይ ነው

ያገለገለ ፕሌይስቴሽን 2 ከመርካቶ አስጭኖ ብቸና ወይም ሞጣ ላይ ጌም ቤት ለመክፈት ያሰበ ነጋዴ የሚከራከረው በማሽኑ፣ በቴሌቪዥኑና በጆይስቲኩ ዋጋ ነው። ማሽኑ ፊት ለፊት ስለተሰካው ትንሽ ሚሞሪ ካርድ ብዙም አይጠይቅም። ማሽኑ ክራክ የተደረገው በዚሁ ካርድ አማካይነት ከሆነ ግን ካርዱ የተበላሸ ዕለት ገቢው ይቆማል።

ፕሌይስቴሽን 2 እ.ኤ.አ. በ2000 ለገበያ ቀርቦ ሶኒ ኩባንያ በ2013 መጀመሪያ ላይ ማምረቱን ማቆሙ ይታወቃል። በመሆኑም ዛሬ በገበያ የሚዞረው ማሽን በአብዛኛው ከእጅ ወደ እጅ ያለፈ፣ የሲዲ ማንበቢያ ሌንሱም የደከመ ነው። ለዚህ የተገኘው መላ ጨዋታውን ከሲዲ ሳይሆን ከፍላሽ ወይም ከሌላ ማስቀመጫ ማስነሣት ነው። ማሽኑ ሲበራ በሚሞሪ ካርዱ ላይ የሶኒ ማሻሻያ ፕሮግራም መኖር አለመኖሩን ይፈትሻል። «ፍሪ ኤምሲቡት» የተባለው ፕሮግራም ራሱን እንደ ማሻሻያ አስመስሎ በዚህ በር ይገባል። ከዚያም «ኦፒኤል» የተባለውን ሌላ ፕሮግራም ይጠራና የጨዋታዎቹ ዝርዝር ይወጣል።

የሶኒ ዋናው ካርድ የሚይዘው 8 ሜጋባይት ብቻ ነው። ከዚህ ላይ የመክፈቻ ፕሮግራሞቹ ድርሻቸውን ይወስዳሉ። የደንበኞች የተቀመጠ ጨዋታም ቦታ ይፈልጋል። ለኳስ ጨዋታ የሚጫነው አዲሱ የተጫዋቾች ዝርዝርም የሚቀመጠው እዚያው ላይ ነው። በዚህ ማሽን የወጡት የመጨረሻዎቹ ፊፋ 14 እና ፔስ 2014 በመሆናቸው፣ የዝውውር ዜና አዋቂ የሆነ ወጣት ሜሲን አሁንም በባርሴሎና ማሊያ ሲያየው ወደ ጎረቤት ጌም ቤት መሄዱ አይቀርም። ቦታው እየጠበበ ሲመጣ ታዲያ ባለቤቱ 32 ወይም 64 ሜጋባይት የሚል ካርድ ይገዛል።

ኪሳራው የሚጀምረውም እዚህ ላይ ነው። ብዙ ሰው አሮጌውን ካርድ አንደኛው ቀዳዳ፣ አዲሱን ሁለተኛው ቀዳዳ ላይ ሰክቶ ሁሉንም ኮፒ ያደርግና አሮጌውን ፎርማት አድርጎ ይሸጠዋል። ፍሪ ኤምሲቡት ግን ሲጫን በዚያው በተጫነበት ካርድ መለያ ቁልፍ ይታሸጋል። ፋይሉ ወደ ሌላ ካርድ ቢገለበጥ ስሙ ይታያል እንጂ ማሽኑን አያስነሣም። አሮጌው ካርድ ከጠፋ በኋላ ይህን የተረዳ ሰው ሌላ የተዘጋጀ ካርድ ከባሕር ዳር ወይም ከአዲስ አበባ እስኪመጣለት ድረስ ቤቱን ዘግቶ ይጠብቃል።

ትክክለኛው አሠራር አስቸጋሪ አይደለም። በመጀመሪያ በአሮጌው ካርድ ማሽኑን አስነሥቶ «ዩላንች» በተባለው የፋይል ማዘዣ የካርዱን ይዘት ወደ ፍላሽ መገልበጥ ነው። ቀጥሎ አዲሱ ካርድ ሁለተኛው ቀዳዳ ላይ ይሰካና የፍሪ ኤምሲቡት መጫኛ ከፍላሹ ይነሣል። መጫኛው ለዚህ ማሽን ብቻ ወይስ ለሁሉም ማሽኖች ብሎ ሲጠይቅ፣ ሁለት ሦስት ማሽን ያለው ነጋዴ ለሁሉም የሚለውን ቢመርጥ ካርዱን እያዘዋወረ ሊጠቀምበት ይችላል። «መልቲ» የሚለው የአጫጫን ዓይነት የካርዱን የፋይል አደረጃጀት ስለሚያዛባ ባይነካ ይሻላል። የተቀመጡ ጨዋታዎችና የተጫዋቾች ዝርዝር ግን በተራ ኮፒ ይዛወራሉ። በመሀል መብራት ከሄደ ካርዱ ሊበላሽ ስለሚችል መብራት በሚቆራረጥበት ሰዓት ሥራውን አለመጀመር ነው።

መጫኛውን በፍላሽ ይዞ ማስቀመጥም ያስፈልጋል። በሐምሌ 2015 መጨረሻ በአማራ ክልል የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ በታወጀበት ወቅት የሞባይል ኢንተርኔት ለወራት ተቋርጦ እንደነበር የሚዘነጋ አይደለም። እንዲህ ባለ ጊዜ ከኢንተርኔት አወርደዋለሁ ማለት አያዋጣም።

ትልቅ ካርድ ሁሉ ደግሞ ጥሩ ካርድ ማለት አይደለም። ከሶኒ ውጭ የተሠሩ ርካሽ ካርዶች አንዳንዶቹ «ማጂክ ጌት» የተባለው የሶኒ የመቆለፊያ ሥርዓት ስለሌላቸው ፕሮግራሙ ጭራሽ አይጫንባቸውም። ተጭኖባቸውም ከጊዜ በኋላ ፋይል የሚያበላሹ አሉ። በእኛ ግምት ሁለት ዋና የ8 ሜጋባይት ካርድ ይዞ አንዱን ለመክፈቻ፣ ሌላውን ለደንበኞች ማድረግ ከአንድ ባለ 64 ይበልጣል።

ጨዋታዎቹን በብዛት መያዝ የሚፈልግ ሰው ያለው አማራጭ በሁለተኛው የካርድ ቀዳዳ የሚሰካው «ኤምኤክስ4ኤስአይኦ» የተባለ ማስተላለፊያ ነው። የስልክ ሚሞሪ በውስጡ ይገባል፤ ፍጥነቱም ከማሽኑ አሮጌ ዩኤስቢ የተሻለ ነው። ሆኖም ብቻውን ማሽን አያስነሣም። የመክፈቻው ካርድ አንደኛው ቀዳዳ ላይ መኖር አለበት፤ አሮጌ ኦፒኤልም አይለየውም። ሁለተኛው ቀዳዳ ስለሚያዝ የራሱን ካርድ ይዞ የሚመጣ ደንበኛ ቅር ይለዋል።

የስልክ ሚሞሪ ሲገዛ ማጭበርበሩ በዝቷል። 128 ጊጋባይት ተብሎ የተጻፈበት ካርድ ኮምፒዩተር ላይ 119 ቢያሳይ የአቆጣጠር ልዩነት ነው እንጂ ሌብነት አይደለም። ሌብነቱ 128 እያለ ውስጡ 8 ብቻ ሲሆን ነው። መጀመሪያ የተጫኑት ጨዋታዎች ይሠራሉ፤ የኋላዎቹ ባዶ ይሆናሉ። «ኤችቱቴስትደብሊው» የተባለው ነፃ መፈተሻ ካርዱን ሞልቶ መልሶ በማንበብ ያጋልጠዋል። በሰከንድ 20 ሜጋባይት ለሚጽፍ ካርድ ሙሌቱ ብቻ ሁለት ሰዓት ያህል ስለሚፈጅ፣ ቸኩል የሚል ደላላ ቢኖር መጠርጠር ነው።

ከአሮጌው ፍላሽ ወደ አዲሱ ሲዛወር የሚረሳ ነገርም አለ። ፋት 32 በተባለው አደረጃጀት አንድ ፋይል ከ4 ጊጋባይት ማለፍ ስለማይችል ትልልቅ ጨዋታዎች ተቆራርጠው ይቀመጣሉ፤ ስማቸውም «ዩኤል» በተባለ አንድ ትንሽ የዝርዝር ፋይል ይመዘገባል። ቁርጥራጮቹ ተገልብጠው ይህ ፋይል ከቀረ ኦፒኤል ላይ ምንም አይታይም። አዲሱን ካርድ ፎርማት አድርጎ አንድ በአንድ መገልበጥም ይገባል። እየሰረዙ በላዩ ላይ መጫን ፋይሉን ስለሚበታትነው ጨዋታው አልነሣም ይላል።

ለገዢና ለደላላ የሚጠቅመው ይህ ነው። ዋጋ ከመቁረጥ በፊት ማሽኑ ጠፍቶ ሁለቴ ሲነሣ ማየት፣ ካርዱ አብሮ መሸጡን ማረጋገጥና ከማሽኑ ሥር የተጻፈውን የሞዴል ቁጥር ማንበብ ነው። በ90000 ተከታታይ የኋለኞቹ ማሽኖች ፍሪ ኤምሲቡትን አይቀበሉም፤ በእነዚህ ላይ በዚህ መንገድ ክራክ ሆኗል የሚል ሻጭ ቢመጣ አለማመን ነው። ያለ ባለመብቱ ፈቃድ ጨዋታ ገልብጦ መነገድ በቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የሚያስጠይቅ መሆኑም ከሂሳቡ ውስጥ መግባት አለበት። አሮጌው ካርድ አዲሱ ቢያንስ አንድ የቅዳሜና የእሑድ ሥራ ሳያስቸግር እስኪጨርስ ድረስ ፎርማት ሳይደረግ መሳቢያ ውስጥ ይቆይ።