ደም የቀመሰችው ድመት፦ የበቀል መንፈስ በቀደምት የጃፓን ሲኒማ



የዛሬው ንግግሬ የሚያተኩረው ጃፓኖች «ባኬኔኮ» በሚሏት፣ መልኳን ለውጣ በሰው አምሳል በምትገለጥ ድመት ላይ ነው። ይህች ፍጥረት ከካቡኪ ቴአትር መድረክ ወደ ፊልም ተሻግራ ብዙ ተመልካች አግኝታለች። ጥያቄዬ አንድ ነው፤ በቀልን ለመፈጸም ድመት ለምን ተመረጠች?

በጣም ከታወቀው ታሪክ እንነሣ። በኪዩሹ ደሴት የሚገኘውን የሳጋን ምድር ቀድሞ ይገዛ የነበረው የሪዩዞጂ ቤት ሲሆን፣ ሥልጣኑን የወረሱት ሎሌዎቹ የነበሩት ናቤሺማዎች ናቸው። ይህ በታሪክ የታወቀ ነው። አፈ ታሪኩ ደግሞ የናቤሺማው ጌታ «ጎ» በተባለው የጠጠር ጨዋታ ተቆጥቶ የሪዩዞጂን ወራሽ እንደ ገደለ ይተርካል። የሟች እናት ኀዘኗን ለድመቷ ነግራ ራሷን ታጠፋለች። ድመቷም ደሟን ልሳ፣ የሰው መልክ ይዛ፣ ወደ ገዳዩ ቤት በመግባት ደም ትመልሳለች።

እዚህ ላይ ልብ ልንል የሚገባን የአቤቱታው በር መዘጋቱን ነው። በዳዩ ራሱ ዳኛ በሆነበት ዘመን እናቲቱ ሰሚ አጥታ ለእንስሳ ተናገረች። ድመት ደግሞ በጌታም በሎሌም ቤት እንደ ልቧ ትገባለች፤ በረኛ አያስቆማትም። በፊልሞቹ የመብራት ዘይት ስትልስ መታየቷም ከኑሮ የተቀዳ ነው፤ በድሆች ቤት ይነድድ የነበረው ርካሽ የዓሣ ዘይት ድመትን ይስብ ነበርና።

ሲኒማው ለዚህ ታሪክ የሴት ተዋናይን አካል ጨመረለት። እስከ 1920 ገደማ ድረስ በጃፓን ፊልም የሴትን ሚና በአብዛኛው ወንዶች ይጫወቱ ነበር። በ1930ዎቹ መጨረሻ ግን ሱዙኪ ሱሚኮ በሺንኮ ኪኔማ ኩባንያ ፊልሞች «የድመት ተዋናይት» ተብላ ገነነች። ከጦርነቱ በኋላም በ1953 በዳይዬ ኩባንያ ፊልሞች፣ ቀድሞ የራሷ የፊልም ኩባንያ የነበራት ኢሪዬ ታካኮ ይህንኑ ሚና ወሰደች።

የእነዚህ ፊልሞች ዐይነተኛ ትዕይንት ድመቷ በእጇ ምልክት ብቻ ሰውን እንደ አይጥ የምታጫውትበት ነው። ሰለባው ያለ ፈቃዱ ይገለባበጣል፣ ይዘላል፣ ይወድቃል። ትናንት በሰው ሕይወት የተጫወተ ዛሬ መጫወቻ ይሆናል። ፍርሃቱ ከደስታ ጋር የሚቀላቀለው በዚህ ምክንያት ይመስለኛል፤ ተመልካቹ የሚፈራት ድመት የተነፈገውን ፍርድ የምትሰጠው እርሷው ናት።

ከጦርነቱ በፊት ከተሠሩት የጃፓን ፊልሞች አብዛኞቹ ጠፍተዋል። የተረፉት ጥቂቶች ግን ተራ ማስፈራሪያ ተብለው ሊታለፉ አይገባም፤ ሰሚ ያጣ ሕዝብ ስለ ፍትሕ ያሰበውን ያሳዩናልና።